የጥፍር ሠሪ ጓንት

ልጄ ቤዛ ባለፈው ክረምት መግቢያ ላይ የቀኝ እጇን አውራ ጣት ይዛ ቤቴ መጣችና «እማ፣ የልብስ ሳሙና ነው አይደል?» አለችኝ። መጠየቋ አልነበረም፤ መልሱን ይዛ ነው የመጣችው። መነጽሬን አድርጌ ወደ መስኮቱ ወሰድኳት። ከጥፍሯ ጎን ያለው ቆዳ ቀላ ብሏል፤ በላዩ ላይ የአሸዋ ቅንጣት የሚያካክሉ ውሃ የቋጠሩ ነጥቦች ወጥተዋል። እያወራችኝ እንኳ በሌላው እጇ ታክከዋለች።

የልብስ ሳሙና እንዳልሆነ አውቄያለሁ። ያንኑ ነጥብ ከዓመታት በፊት በራሴ አውራ ጣት ላይ አይቼ እኔም «ሳሙና ነው» ብዬ ነበር። ዛሬ ጣቶቼ እንደ ደረቀ ጭቃ የተሰነጣጠቁ ናቸው፤ ከሥራዬ የወጣሁትም በእነሱ ምክንያት ነው። ሰው ሲጠይቀኝ «ጡረታ ወጣሁ» እላለሁ። ጡረታውን የሚከፍለኝ ባይኖርም ቃሉ ያምራል።

ቤዛ ኮተቤ ኮንዶሚኒየም ተከራይታ እዚያው ሳሎኗ ውስጥ የጥፍር ጄል ትሠራለች። ጎረቤቶቿ ራሳቸው እቤታቸው እንዲሠሩም ታስተምራለች፤ አሁን ሁሉም ጄሉን የምታደርቀውን ትንሽ መብራት ገዝቶ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጧል። ተቀጥራ የምትሠራበት ሱቅ ከተዘጋ ወዲህ እሷና ልጇ የሚኖሩት በዚህ ነው። እንግዲህ «አዎ፣ ሳሙና ነው» ብላት ጣቶቿ እንደ እኔ ይሆናሉ። እውነቱን ብነግራት ደግሞ እንጀራዋን ልነጥቃት ነው። በአንድ ቃል መመለስ ስላቃተኝ ከመጀመሪያው ጀመርኩላት። እዚህ የጻፍኩት ያን ቀን የነገርኳትንና ከዚያ በኋላ የሆነውን ነው።

ሥራውን ያስተማሩኝ እትዬ ዘነቡ፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ ፈረንሳይ ለጋሲዮን ዳገቱ ወገብ ላይ አንዲት ክፍል ጸጉር ቤት ነበረቻቸው። ከዚያ በፊት በአንድ ትልቅ ሆቴል የውበት ክፍል ውስጥ የሴቶችን ጥፍር ሲሠሩ ኖረዋል። እኔ የገባሁት ጸጉር ላጥብ ነው። ጥፍር እሠራለሁ ብዬ አስቤ አላውቅም፤ እንዲያውም ጥፍር መቀባትን የሥራ ፈት ነገር አድርጌ ነበር የማየው።

እትዬ ዘነቡ ጥፍር ከመንካታቸው በፊት የደንበኛዋን እጅ ይይዛሉ። መዳፉን ገልብጠው ያያሉ፣ የጣቶቹን ጫፍ በአውራ ጣታቸው ይዳስሳሉ፣ ከዚያ «ነገ ምን ልትሠሪበት ነው?» ይላሉ። ይህን የማይጠይቁት ሰው አልነበረም። አንዷ «ነገማ በርበሬ እቀነጥሳለሁ» ካለቻቸው «እንግዲያው ቀንጥሰሽ ስትጨርሺ ነይ» ብለው ይመልሷታል። የመጣ ደንበኛ ሲመለስ እኔን ይቆጨኛል። «የሰው እጅ እኮ ጣውላ አይደለም» ይሉኛል፣ «ይዘሽ ካልተዋወቅሽው ምን ብለሽ ትሠሪዋለሽ?» እጅ መያዝ ለእሳቸው የሥራው ግማሽ ነበር። ሴቶቹ የሚመጡት ለቀለሙ ይሁን ለእጅ መያዙ እስከ ዛሬ አልለየሁትም። ባሏ የሞተባት አንዲት ጎረቤታችን ሐዘን ላይ ስለሆነች ቀለም አትቀባም፤ ግን ሳታቋርጥ እየመጣች ጥፍሯን ብቻ አስሞርዳ ትሄድ ነበር።

ጄል የመጣ ጊዜ እትዬ ዘነቡ ሳቁበት። «ጥፍር በመብራት ሲደርቅ ልይ እንግዲህ፣ ዕድሜ ሰጥቶኝ!» አሉ። መብራቱን ያመጣችው ከዱባይ የተመለሰች ደንበኛ ናት። እየተሳሳቅን ሠራንላት፤ ለተራው የጥፍር ቀለም እንደምናደርገው መጀመሪያ እጇን ለብ ባለ ውሃ ዘፍዝፈን። ሳምንት ሳይሞላት ተመልሳ መጣች። ጄሉ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ከነቀለሙ ተነስቶባት በመሐረቧ ቋጥራ ይዛዋለች። እትዬ ዘነቡ ልጣጩን በጣቶቻቸው እያገላበጡ ብዙ አሰቡ። ባለቤታቸው አናጺ ነበሩና በመጨረሻ «እርጥብ ጣውላ ላይ ቀለም ቀባን» አሉኝ። «ጥፍር ውሃ ሲጠጣ ያብጣል፣ ሲደርቅ ይሰበሰባል። እሱ ሲሰበሰብ ጄሉ የት ይሂድ?» ከዚያ ወዲህ የመዘፍዘፊያው ሳህን ለጄል ደንበኛ ቀርቦ አያውቅም። መታጠብ፣ በደንብ ማድረቅ፣ ከዚያ ትንሽ መጫወት። ጨዋታው ለጥፍሩ መድረቂያ ጊዜ ይሰጠዋል።

የጄል ዕድሜ የሚወሰነው ጄሉ ከመከፈቱ በፊት ነው። ይህን እቤቷ ለምትሠራ ለማንኛዋም ሴት እነግራለሁ። መጀመሪያ ጥፍሩ የሚበቅልበት መነሻ ላይ ያለውን ቆዳ በእንጨት መግፊያ ቀስ አድርጎ ወደ ኋላ መግፋት ነው። መግፋት ነው ያልኩት፣ መቁረጥ አይደለም። ቆዳው ወደ ኋላ ሲሄድ ጥፍሩ ላይ ተለጥፎ የሚቀር፣ በቀላሉ የማይታይ ስስ ሽፋን አለ። ጥፍሩን ወደ ብርሃን ዘንበል ሲያደርጉት ደብዘዝ ብሎ ይታያል፤ እሱን በመግፊያው ጫፍ ፋቅ አድርጎ ማንሳት ነው። ብዙ ሰው ጄሉ ለምን እንደተነሳበት ግራ የሚገባው ያንን ሳያነሳ ስለሚቀባ ነው። ከዚያ ጫፉን በሞረድ ማስተካከል፤ እንደ መጋዝ ወዲያ ወዲህ ሳይሉ፣ ወደ አንድ አቅጣጫ። ቀጥሎ በለስላሳው ሞረድ የጥፍሩን አብረቅራቂነት ብቻ ማንሳት። እትዬ ዘነቡ «መስታወት ላይ የተነፈስሽ ያህል ሲደበዝዝ በቃሽ» ይሉ ነበር። ከዚያ በላይ መሞረድ የወደደች ሴት ጥፍሯን ወረቀት ታደርገዋለች፤ ጄሉ ቢቆይላትም ጥፍሩ አይቆይላትም። በመጨረሻ ብናኙን በብሩሽ ማራገፍ፣ ክር በማይተው ጨርቅ በአልኮል መጥረግ፣ ከዚያ በኋላ ጥፍሩን በምንም ነገር አለመንካት።

ይህ የመጨረሻው የሚቀል ይመስላል። አንዲት ደንበኛችን ግን ምንም ብንጠነቀቅላት የሁለት ጣቶቿ ጄል ይነሳባት ነበር። ሌሎቹ ይከርማሉ፤ የቀኝ እጇ ሌባ ጣትና መሐል ጣት ግን ሁልጊዜ። ጄሉን ቀየርን፣ ሞረዱን ቀየርን፣ እኔማ ቡዳ ነው እስከማለት ደርሼ ነበር። አንድ ቀን እትዬ ዘነቡ ተጠርጎ ያለቀውን ጣቷን ወደ አፍንጫቸው አስጠግተው አሸተቱት። «ቅቤ!» አሉ። ሴትዮዋ ጸጉሯን ቅቤ ተቀብታ፣ ሻሽ አስራ ነው የምትመጣው። እኛ ብሩሹን እስክናዘጋጅ ድረስ በሁለት ጣቷ ከሻሹ ሥር አናቷን አከክ ታደርጋለች፤ ራሷም አታውቀውም። «እንግዲህ ወይ እኔ አክልሻለሁ፣ ወይ እዚህ ስትመጪ ቅቤውን ተይው» ቢሏት እንባዋ እስኪመጣ ሳቀች።

አንድ ሌላ ልማድ ነበራቸው፤ ያኔ ግትርነት መስሎኝ ነበር። ጄሉ ቆዳ እንዲነካ አይፈቅዱም። በጥፍሩና በቆዳው መሐል የጸጉር ያህል ክፍተት ይተዋሉ። ካመለጣቸውም በቀጭን እንጨት ያነሱታል እንጂ በጣታቸው አይነኩትም፤ ሳያነሱት እጁን ወደ መብራቱ አያስገቡም። ለምን ስላቸው «ያልደረቀ ነገር አላምንም» ብቻ አሉኝ።

እትዬ ዘነቡ ዓይናቸው ደክሞ ቤቱን ሲዘጉ ሲ.ኤም.ሲ አካባቢ አንድ ትልቅ ጸጉር ቤት ተቀጠርኩ። ደመወዙ ከበፊቱ ይሻላል፣ ወንበሩም ይሽከረከራል። ባለቤቱ ዮናስ የሚባል ቀልጣፋ ልጅ ነው። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ግን «እትዬ ሙሉ፣ ሰው እየጠበቀ ነው» ከማለት በቀር ሌላ ነገር ከአፉ ሰምቻለሁ ማለት አልችልም። እጅ ይዞ መተዋወቅ ቀረ፤ ነገ ምን ልትሠሪበት ነው ማለትም ቀረ። ጄሉ ወደ ቆዳ ሲፈስ እንጨት ከምፈልግ በአውራ ጣቴ ጠረግ አደርገዋለሁ። ይፈጥናል። ጣቴን በፎጣ ጠርጌ ወደሚቀጥለው።

ዮናስ ጓንት አምጥቶልን ነበር። ለቤቱ ያምራል ብሎ ነው። ጓንት አድርጌ መሥራት በጀመርኩ ሰሞን ወይዘሮ አስካለ የሚባሉ፣ ሰፈሩ ሁሉ የሚያከብራቸው ሴት መጡ። እጃቸውን ዘርግተው ጓንቴን ሲያዩ መለስ አደረጉት። «ምነው ልጄ፣ እጄ ምን ሆነብሽ?» አሉ። ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም፤ እሱ ነው የባሰው። የጸጉር ማድረቂያው ሥር የተቀመጡት ሴቶች ሁሉ ዞር አሉ። «ኧረ እትዬ፣ በሞቴ፣ ለእርስዎ አይደለም፣ የቤቱ ደንብ ሆኖ ነው» እያልኩ ጓንቱን አውልቄ ኪሴ ከተትኩት። እሳቸውም «እኔማ በሽታ ያየሽብኝ መስሎኝ» ብለው ሳቁና እጃቸውን ሰጡኝ።

ከዚያ ወዲያ ጓንት አላደረግኩም። እኛ አገር ሰው ሥራ ላይ ሆኖ እጁ ቢቆሽሽበት እንኳ ክንዱን ይዘረጋል እንጂ ሰላምታ አይከለክልም። የእናትን እጅ በላስቲክ ይዞ ምን ሊባል ነው? ይሉኝታ ሰውን ይገድላል ሲሉ እሰማ ነበር፤ በጣት በኩል እንደሚጀምር ግን የነገረኝ የለም።

ማሳከኩ ሲጀምር ሳሙና ቀየርኩ። ነጥቦቹ ሲወጡ ቅባት ቀባሁ። ቆዳው ሲሰነጠቅ በፕላስተር ሸፈንኩ። እንጦጦ ወጥቼ ጸበልም ተጠመቅሁ። ለዚያ ብዬ ከሥራ ፈቃድ ወስጄ ስለነበር ይሁን በእምነቴ፣ እጄ ዳነ፤ ተመልሼ ጄል ስይዝ ተመልሶ መጣ። ሁለተኛ ስሄድ እጄን ያዩት አባት «ልጄ፣ ጸበሉ ይፈውሳል፤ አንቺ ግን ወደሚያሳምምሽ ነገር ተመልሰሽ ትሄጃለሽ» አሉኝ። ተናደድኩ። አባ ስለ ጥፍር ምን ያውቃሉ ብዬ ዳገቱን እያጉረመረምኩ ወረድኩ።

አንድ ቀን ሰላም የምትባል የቆየች ደንበኛዬ ፊት ተቀምጬ የጥፍሯን ቆዳ ወደ ኋላ እገፋለሁ። ባንክ የምትሠራ፣ ቀልድ የምትወድ ልጅ ናት። ፕላስተሩ ላላ ብሎ ኖሮ ከአውራ ጣቴ ስንጥቅ ደም ወጣና መሐል ጣቷ ላይ ጠብ አለ። እጇን ነጠቀችኝ። ክፉ ቃል አልተናገረችም። ተነስታ ወደ መታጠቢያው ሄደች፤ ጀርባዋን ሰጥታኝ እጇን ደጋግማ በሳሙና ስትታጠብ ውሃው ሲወርድ እሰማለሁ። ስትመለስ ፊቴን ሳታይ «ይቅርታ ሙልዬ፣ ዛሬ ሌላ ልጅ ትሥራኝ» አለች። ጓንቱን ያወለቅኩት ተጸየፈችን እንዳይሉኝ ነበር፤ በመጨረሻ የተጸየፉት እኔን ሆነ። አፍሬ ወንበሬ ላይ ቀረሁ፤ ማልቀስ እንኳ አልቻልኩም። ዮናስ በማግስቱ ሒሳብ መቀበያው ጋ አስቀመጠኝና እዚያም ብዙ አልቆየሁም።

የቆዳ ሐኪሟ ጣቶቼን አንድ በአንድ አየችና «እትዬ፣ ቆዳዎ ያልደረቀውን ጄል ጠልቶታል» አለችኝ። «አንዴ ከጠላ ደግሞ አይታረቅም። ጓንት ከመጀመሪያው ነበር።» ያልደረቀ ነገር አላምንም ያሉኝ ሴት ያኔ ሞተዋል። ቢኖሩ ሄጄ እግራቸው ላይ እወድቅ ነበር።

ይህን ሁሉ ስነግራት ቤዛ አውራ ጣቷን በሌላው መዳፏ ሸፍና ነበር የምትሰማው። ስጨርስ፦

«ታዲያ ጓንት አድርጌ ልሥራ ነው የምትይው?» አለች።

«መጀመሪያ አቁሚ። ሐኪም ይየው።»

«ላቁም? ኪራዩስ?»

«እንተጋገዛለን።»

«እሺ፣ ከዚያስ? እማ፣ እኔ ጋ የሚመጡት እኮ እንደ ሲ.ኤም.ሲዎቹ አይደሉም። ጎረቤቶቼ ናቸው። ልጄን የሚይዙልኝ፣ ስታመም ሾርባ ይዘው የሚመጡ። እነሱን በጓንት ልያዝ? ነገ ደረጃው ላይ ሳገኛቸው በምን ዓይኔ ነው የማያቸው?»

 ያንኑ ፈርቼ አይደል እጄን ያጣሁት? መልስ ሲያጣ እንደሚቆጣ ሰው ሁሉ «እንግዲያው ሌላ ሥራ ፈልጊ!» ብዬ ጮህኩባት። እሷም ሻይዋን ሳትጨርስ ወጣች።

ቢሆንም ሰማችኝ። ሐኪም ጋ ሄደች፤ ሥራውን አቆመች፤ እኔም ካለችኝ ላይ አካፈልኳት። ጣቷ ቀስ በቀስ ዳነ። ሐኪሟ «ምናልባት በጊዜ ደርሰሽ ይሆናል፤ ዋስትና ግን አልሰጥሽም። ጄሉ ቆዳሽን አይንካው። ከተመለሰብሽ መተው ነው» አለቻት። ምን ዓይነት ጓንት እንደሚሻልና ለእያንዳንዱ ሰው አዲስ ማድረግ እንዳለባት ነገረቻት። ጓንቱን ካርቶን ሙሉ ገዝቼ ወሰድኩላት። አመሰገነችኝና ቁም ሳጥን ውስጥ አስገባችው። ቁም ሳጥን ውስጥ! 

ሥራ በጀመረችበት ቀን ልያት ብዬ ሄድኩ። መጀመሪያ የመጡት እትዬ ጥሩነሽ ናቸው፤ ጡረታ የወጡ መምህርት፣ የግቢው እድር ሰብሳቢ። ልጃቸውን ሊድሩ ነው። እሳቸው የተቀየሙት ሰው በዚያ ግቢ ውስጥ ጨው ሊበደር እንኳ የሚያንኳኳው በር የለም። ሶፋው ላይ ተቀምጬ ጠረጴዛውን ሳይ ሞረዱ አለ፣ መብራቱ አለ፣ ጄሉ አለ፤ ጓንት የለም።  ልነሳ ስል ቤዛ በዓይኗ ቁጭ በይ አለችኝ።

እጃቸውን አሳጠበቻቸውና በፎጣ ጣት በጣት አደረቀችላቸው። በባዶ እጇ መዳፋቸውን ይዛ ስለ ሠርጉ ጠየቀቻቸው። ጥፍራቸው ባዶ ነበር፤ አሮጌ ጄል ቢኖረው የሚወጣው ብናኝም ይጎዳት ነበርና ለሁሉም ባዶውን እንዲመጡ ነግራቸዋለች። ቆዳውን ገፋች፣ ሞረደች፣ አብረቅራቂነቱን አነሳች። እትዬ ጥሩነሽ ስለ አማቾቻቸው፣ ስለ ድንኳኑ፣ ስለማይታዘዛቸው ልጃቸው አወሩ፤ እጃቸው በቤዛ እጅ ውስጥ ዘና ብሎ ተኝቷል። ቤዛ ብናኙን አራግፋ፣ በአልኮል ጠርጋ ስትጨርስ እጃቸውን ቀስ አድርጋ ለቀቀችው።

«እንግዲህ እትዬ፣ ከአሁን በኋላ ጥፍርዎን ምንም አይንካው» አለቻቸው። «የእርስዎም ጣት፣ የእኔም ጣት። እጅ ቅባት አለው፤ ከነካው አይቆይልዎትም። ለሠርጉ እንዲደርስልዎት አይደል?»

ተነሳች፤ ቁም ሳጥኑን ከፍታ ጓንቱን አወጣችና አጠለቀች።

እትዬ ጥሩነሽ አሥሩንም ጣታቸውን በትነው አየር ላይ እንደያዙ ጓንቱን አዩት።  «ወይ ጉድ፣ ኦፕራሲዮን ልታደርጊኝ ነው እንዴ?» ብለው ሳቁ። ከዚያ ራሳቸው እጃቸውን መልሰው ሰጧት፤ «በይ ቶሎ በይ፣ እንዳይነካኩብኝ» እያሉ።

ቤዛ የመጀመሪያውን ጄል ስስ አድርጋ ስትቀባ እኔ ሶፋው ላይ ሆኜ ራሴን ረገምኩ። ዕድሜዬን ሙሉ ደንበኞቼን «ምንም እንዳትነኩ» ስል የራሴን እጅ ረስቼው ነበር። እጅ የሚያዝበት ጊዜ አለ፤ የሚለቀቅበትም ጊዜ አለ። ወይዘሮ አስካለ ያኔ እጃቸውን ሲዘረጉ መጀመሪያ የጠበቃቸው ላስቲኩ ነበር። ይህን የሚያህል ቀላል ነገር ሳላስብ ጣቶቼን ሰጠሁ። ደስ አለኝ፤ ደግሞ በልጄ ቀናሁ፤ ሁለቱም አንድ ላይ መጡብኝ። እትዬ ጥሩነሽ «ምነው፣ አስለቀስኩሽ እንዴ ሙሉ?» ሲሉኝ አልኮሉ ነው አልኳቸው።

ከዚያ ወዲህ ቤዛ እሁድ እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ እኔ ጋ ትገባለች። ከመሳሳማችን በፊት በሩ ላይ ቆማ ሁለት እጇን ትዘረጋልኛለች። ዓይኔ እንደ ድሮው ስላልሆነ አላየውም፤ ጣት በጣት እዳስሰዋለሁ። የእኔ ሻካራ ስለሆነ በሷ ላይ ትንሽ ነገር ቢኖር ወዲያው ያውቀዋል። እሷ ትስቃለች፤ እኔ ግን ትንሿ ጣት ላይ እስክደርስ ድረስ አልስቅም። እስከ ዛሬ ለስላሳ ናቸው።